ስም ተጽፎ መዝገብ ሲጠፋ፦ በአማርኛ መረጃ ላይ ኢንዴክስ ለመሥራት

የክሊኒክ ካርድ ክፍል ወደ ኮምፒውተር በገባባቸው የመጀመሪያ ወራት ስም ሲጻፍ መዝገቡ ወዲያው ይወጣል። መዝገቡ ከሺዎች ወደ መቶ ሺዎች ሲያድግ ግን ፍለጋው መጎተት ይጀምራል። ወረፋው ይረዝማል። ታካሚው ከዚህ በፊት እዚሁ መታከሙን ቢናገርም ካርድ አውጪዋ ስሙን አጥታ አዲስ ካርድ ታወጣለታለች። ከዚያ በኋላ የአንድ ሰው የሕክምና ታሪክ ለሁለት ይከፈላል፤ የማይስማማው መድኃኒት በአንደኛው ካርድ ላይ ተጽፎ ሐኪሙ የሚያየው ሁለተኛውን ይሆናል። ፍለጋን ማስተካከል ይህን ያህል ክብደት ያለው ሥራ ነው።

ይህ መመሪያ እንዲህ ያለውን የመረጃ ቋት ለምትሠሩና ለምታስተዳድሩ ነው። ምሳሌው ክሊኒክ ይሁን እንጂ የተማሪ መዝገብ ወይም የቁጠባና ብድር ማኅበር አባላትን ዝርዝር የያዘ ሰውም ያንኑ መንገድ መከተል ይችላል። የምንጠቀመው ፖስትግሬስን ነው፤ ማይኤስኪውኤል በሚለይበት ቦታ እጠቁማለሁ። ሥራውን ከመጀመርዎ በፊት ሦስት ነገሮች ይኑሩዎት፦ የአስተዳዳሪ ፈቃድ፣ ተመልሶ መነሣቱ የተረጋገጠ የቅርብ ጊዜ ባክአፕ፣ እና ከዋናው ሰርቨር የተለየ መሞከሪያ ቋት።

ኢንዴክስ ከሠንጠረዡ ተለይቶ የሚቀመጥ መዋቅር ነው። የመረጡትን ዓምድ በቅደም ተከተል አሰልፎ ይይዛል፤ ከእያንዳንዱ ዋጋ ጎን ደግሞ ረድፉ ዲስኩ ላይ የት እንዳለ ይጠቁማል። በፖስትግሬስ የተለመደው ዓይነት ቢ-ትሪ ይባላል፤ መረጃውን 8 ኪሎባይት በሆኑ ገጾች ይከፍለዋል። አንድ ገጽ 200 ጠቋሚ ይይዛል ብንል፣ ከላይኛው ገጽ ወደ 200 ገጾች፣ ከእነዚያ ወደ 40,000 ገጾች ይወረዳል፤ በሦስት እርከን 8 ሚሊዮን ረድፍ ይደረሳል። ኢንዴክስ ከሌለ ቋቱ ሠንጠረዡን ከመጀመሪያው ገጽ እስከ መጨረሻው ማንበብ አለበት። የፍጥነቱ ልዩነት ከዚህ ይመጣል።

1. የሚጠየቁትን ጥያቄዎች ይሰብስቡ

ብዙ ሰው ሥራውን የሚጀምረው ሠንጠረዡን ከፍቶ «የትኛው ዓምድ ላይ ላድርግ?» በማለት ነው። መጀመር ያለበት ከካርድ ክፍሉ መስኮት ነው። እዚያ ቁጭ ብለው ሠራተኛዋ ምን ብላ እንደምትፈልግ ያዳምጡ። በካርድ ቁጥር? በስምና በአባት ስም? ታካሚው ካርዱን ሲረሳ በስልክ ቁጥር? ሒሳብ ክፍሉ በወር መጨረሻ የሚያወጣው ዝርዝር የቱ ነው? እያንዳንዱን በአንድ መስመር ይጻፉት፤ በቀን ስንት ጊዜ ገደማ እንደሚጠየቅም አጠገቡ ያስፍሩ።

ከዚያ ቋቱ ራሱ እንዲመሰክር ያድርጉ። ሎግ ሚን ዱሬሽን ስቴትመንት የሚባለውን ማስተካከያ ለምሳሌ 500 ሚሊሰከንድ ላይ ቢያደርጉት፣ ከዚያ በላይ የፈጀ ጥያቄ ሁሉ በሎግ ፋይሉ ላይ ይጻፋል። በማይኤስኪውኤል ይህን የሚሠራው ስሎው ኩዌሪ ሎግ ነው። ሳምንት ያህል ይተዉትና ከመስኮቱ ከሰበሰቡት ዝርዝር ጋር ያመሳክሩት። አንድ ጥንቃቄ አለ፦ የሎግ ፋይሉ የታካሚ ስም ሊይዝ ስለሚችል እንደ ካርዱ ሁሉ ሊጠበቅ ይገባዋል።

2. ከመንካትዎ በፊት ይለኩ

የዘገየውን ጥያቄ ይውሰዱና ከፊቱ ኤክስፕሌይን አናላይዝ የሚለውን ትእዛዝ ያስገቡ። ቋቱ መልሱን በየትኛው መንገድ እንዳገኘው ይነግርዎታል። ሲክ ስካን ካለ ሠንጠረዡን በሙሉ አንብቧል፤ ኢንዴክስ ስካን ወይም ቢትማፕ ኢንዴክስ ስካን ካለ ኢንዴክስ ተጠቅሟል። «ሮውስ ሪሙቭድ ባይ ፊልተር» የሚለውን መስመርም ይመልከቱ። አንድ ረድፍ ለማግኘት 300,000 ረድፍ አንብቦ ከጣለ በሽታው ያ ነው።

ትእዛዙ ላይ በፈርስ የሚለውን አማራጭ ቢጨምሩ የተነበቡትን ገጾች ብዛት ያሳይዎታል። እኔ ከሚሊሰከንዱ ይልቅ ይህን ቁጥር አምናለሁ። አንድን ጥያቄ ሁለተኛ ጊዜ ሲጠይቁ መረጃው አስቀድሞ ሜሞሪ ውስጥ ስለሚገኝ ጊዜው ያጥራል፤ ምንም ሳያሻሽሉ ያሻሻሉ ይመስልዎታል። የገጾቹ ድምር ግን እንዲህ አያታልልም።

እዚህ ላይ ሁለት ስሕተቶች ይደጋገማሉ። አንደኛው፣ አናላይዝ ሲጨመርበት ትእዛዙ በእርግጥ ይፈጸማል። የመሰረዣ ወይም የማሻሻያ ትእዛዝ ከሆነ መረጃው ይለወጣልና ቢጊን ብለው ጀምረው በሮልባክ ይመልሱት። ሁለተኛው፣ 50 ረድፍ ባለው የመሞከሪያ ሠንጠረዥ ላይ ለክተው መደምደም ነው። ሠንጠረዡ ትንሽ ሲሆን ቋቱ ሁሉንም ማንበብ ይቀለዋል፤ ኢንዴክስ ቢኖርም አይነካውም፤ በዚህም ልክ ነው። ጄኔሬት ሲሪስ በሚባለው ተግባር ጥቂት መቶ ሺህ የፈጠራ ረድፎች ሠርተው ይሞክሩ። የታካሚዎችን እውነተኛ መዝገብ ወደ ግል ላፕቶፕዎ ገልብጠው መሞከር ግን አይገባም።

3. ፊደሉን አንድ ያድርጉ

በአማርኛ መረጃ ላይ ትልቁ ሥራ ይህ ነው፤ ከውጭ የተጻፉ መመሪያዎች ደግሞ ብዙውን ጊዜ አያነሡትም። ለኮምፒውተሩ «ኃይሉ»፣ «ሀይሉ»፣ «ኀይሉ» እና «ሃይሉ» አራት የተለያዩ ሰዎች ናቸው። «ፀሐይ» እና «ጸሀይ»፣ «ሠናይት» እና «ሰናይት»፣ «ዓለሙ» እና «አለሙ» እንዲሁ። ይህን ሳያስተካክሉ ኢንዴክስ ቢሠሩ ቋቱ በሁለት ሚሊሰከንድ ውስጥ «የለም» ብሎ ይመልስልዎታል። ከዘገየ መልስ ይልቅ ይህ ያስፈራኛል፤ ፈጣን ስለሆነ ሠራተኛዋ ታምነዋለችና።

መፍትሔው የተጻፈውን ስም መለወጥ አይደለም። ሰው ስሙን የሚጽፍበት ፊደል የራሱ ነው፤ ካርዱ ላይ እንዳለ ይቆይ። ከአጠገቡ ለፍለጋ ብቻ የሚያገለግል ሌላ ዓምድ ይፍጠሩ። ፖስትግሬስ ከ12ኛው እትም ጀምሮ ጄኔሬትድ ዓምድ የሚባል አለው፤ ስሙ በገባ ወይም በታረመ ቁጥር ራሱ አስልቶ ይሞላዋል። ለስም፣ ለአባት ስምና ለአያት ስም አንዳንድ ያዘጋጁ።

የሚጠቀሙበት ተግባር ትራንስሌት ይባላል። ሁለት የፊደል ዝርዝር ይሰጡታል፤ በመጀመሪያው ዝርዝር ያለውን እያንዳንዱን ፊደል በሁለተኛው ዝርዝር በዚያው ተራ ባለው ይተካል። እነዚህ ይካተቱ፦ ሐ፣ ኀ፣ ሃ፣ ሓ እና ኃ ወደ ሀ፤ ሑ እና ኁ ወደ ሁ፣ ሒ እና ኂ ወደ ሂ፣ እንዲሁ እያሉ እስከ ሖ እና ኆ። ከሠ እስከ ሦ ያሉት በየተራቸው ወደ ሰ ቤት፤ ከፀ እስከ ፆ ያሉት ወደ ጸ ቤት። ዐ፣ ዓ እና ኣ ወደ አ፤ የዐ ቤት ሌሎቹ ወደ አ ቤት አቻቸው። ጐ ወደ ጎ፣ ኰ ወደ ኮ፣ ቊ ወደ ቁ። ሁለቱ ዝርዝሮች በአንድ ፊደል ከተዛነፉ ከዚያ በኋላ ያለው ሁሉ ስለሚዛባ ፊደሎቹን ቆጥረው ያረጋግጡ። በመጀመሪያው ዝርዝር መጨረሻ ላይ አቻ የሌለው ምልክት ከተጨመረ ተግባሩ ያንን ምልክት ያጠፋዋል። ክፍት ቦታን በዚህ መንገድ ማስወገድ ይቻላል፤ «ገብረ ማርያም» እና «ገብረማርያም» ይገናኛሉ።

በእዝባር ያጠሩ ስሞችን ግን ለማሽን አይተዉ። «ገ/ማርያም» ገብረ ማርያም፣ «ወ/ሚካኤል» ወልደ ሚካኤል መሆኑ ብዙም አያከራክርም። «ተ/» ግን ተክለም ተስፋም ሊሆን ይችላል፤ የሚያውቀው ባለቤቱ ብቻ ነው። በምዝገባው ቅጽ ላይ እዝባር እንዳይገባ ይከልክሉና ሠራተኛዋ ጠይቃ ሙሉውን ትጻፍ። «ወ/ሮ»፣ «አቶ»፣ «ዶ/ር» የመሳሰሉት ለብቻቸው የማዕረግ ዓምድ ይኑራቸው። ቀድሞ የተመዘገቡትን አጠር ያሉ ስሞች አውጥተው ታካሚው ሲመጣ አንድ በአንድ ያሳርሙ፤ ጊዜ ይወስዳል፣ ሌላ አስተማማኝ መንገድ ግን የለም።

ስልክ ቁጥርም ይኸው ችግር አለበት። አንዱ በ09፣ ሌላው በ+2519፣ ሌላው ዜሮውን ትቶ በ9 ይጀምራል፤ 07ም አለ። ክፍተቱንና ሰረዙን አስወግደው የመጨረሻዎቹን 9 አኃዞች ብቻ በፍለጋው ዓምድ ያስቀምጡ።

አሁን ዋናው ነገር፦ ሠራተኛዋ በፍለጋው ሳጥን የምትጽፈው ቃልም በዚያው ተግባር ማለፍ አለበት። መዝገቡን ብቻ አንድ አድርጎ ጥያቄውን መርሳት በጣም የተለመደ ነው፤ ያኔ «ሀይሉ» ተብሎ የተቀመጠው ስም «ኃይሉ» ሲባል አይገኝም።

4. ኢንዴክሶቹን ይምረጡ

ወደ ደረጃ 1 ዝርዝር ይመለሱና ለእያንዳንዱ ጥያቄ መልስ ይስጡ።

የካርድ ቁጥሩ ዋና ቁልፍ ወይም ድግግሞሽ የማይፈቅድ ዓምድ ከሆነ ቋቱ ኢንዴክሱን ራሱ ሠርቶታል፤ ሁለተኛ መደራረብ ቦታ ማባከን ነው።

በስም ለመፈለግ በደረጃ 3 ያዘጋጇቸውን የስም፣ የአባት ስምና የአያት ስም የፍለጋ ዓምዶች በዚህ ቅደም ተከተል የያዘ አንድ ጥምር ኢንዴክስ ይሥሩ። ቅደም ተከተሉ ወሳኝ ነው። ኢንዴክሱ በመጀመሪያ በስም ይሰለፋል፤ ስማቸው አንድ የሆኑት በአባት ስም፤ እነዚያም አንድ ከሆኑ በአያት ስም። ስለዚህ በስም ብቻ፣ በስምና በአባት፣ ወይም በሦስቱም ለሚጠየቅ ያገለግላል። በአባት ስም ብቻ ለሚጠየቅ ግን እምብዛም አይረዳም፤ አንድ የአባት ስም ያላቸው ሰዎች በመላው ኢንዴክስ ተበትነዋልና። እንዲህ ያለ ጥያቄ በእርግጥ የሚዘወተር ከሆነ ብቻ ለእሱ ሌላ ይጨምሩ።

በስሞቹ ላይ «ድግግሞሽ አይፈቀድም» የሚል ገደብ ከቶ አያድርጉ። በሦስቱም ስም የሚገጥሙ ሁለት ሰዎች ይኖራሉ፤ ሁለተኛው ሰው ሲመጣ ቋቱ አልመዘግብም ይላል። ለመለየት ስልኩንና የትውልድ ዓመቱን ከስሙ ጎን በውጤቱ ላይ ማሳየት ይበቃል።

ሠራተኛዋ ገና ሁለት ፊደል ስትጽፍ ዝርዝሩ እንዲወጣ ከፈለጉ፣ ማለትም «ገብ%» ብለው በላይክ ከጠየቁ፣ የዓምዱ ኮሌሽን (ፊደላት የሚሰለፉበት ደንብ) ሲ የሚባለው መሆን አለበት። በሌላ ኮሌሽን የተሠራ ተራ ኢንዴክስ ለእንዲህ ዓይነቱ ጥያቄ አይውልም። ሲ ኮሌሽን ፊደላትን የሚያሰልፈው በዩኒኮድ ቁጥራቸው ነው፤ በዩኒኮድ ደግሞ የኛ ፊደል ሀ፣ ለ፣ ሐ፣ መ እያለ በለመድነው ተራ ተቀምጧል። ዝርዝሩም በሀሁ ቅደም ተከተል ይወጣል፤ ሁለት ችግር በአንድ ውሳኔ ይቃለላል። «%ማርያም» ብሎ ከኋላ መፈለግን ግን ቢ-ትሪ አይችለውም፤ ለዚያ ፒጂ ትሪግራም የሚባለውን ተጨማሪ ከጂን ኢንዴክስ ጋር መጠቀም ያስፈልጋል። ብዙ ክሊኒክ አያስፈልገውም።

የጉብኝቶች ሠንጠረዥ ላይ የታካሚውን መለያ የያዘው ዓምድ ኢንዴክስ እንዳለው ያረጋግጡ። ፖስትግሬስ ለውጭ ቁልፍ ኢንዴክስ በራሱ አይሠራም፤ የማይኤስኪውኤል ኢኖዲቢ ግን ይሠራል። ከአንዱ ወደ ሌላው የተሻገረ ባለሙያ በዚህ ይሳሳታል፤ የታካሚው ታሪክ ሲከፈት የሚያዘግመውም ብዙ ጊዜ ይህ ነው።

«የላቦራቶሪ የዚህ ሳምንት ሥራ» ለሚል ጥያቄ ክፍሉን አስቀድመው ቀኑን ያስከትሉ። በእኩልነት የሚጠየቀው ፊት፣ ከዚህ እስከዚያ ተብሎ የሚጠየቀው ኋላ ይግባ። ጥቂቶቹን ያልተከፈሉ ሒሳቦች ለማግኘት ደግሞ ኢንዴክሱን «ያልተከፈለ» በሚል ሁኔታ ገድበው ከፊል ኢንዴክስ ያድርጉት፤ የተከፈሉት መቶ ሺዎች ስለማይገቡበት በጣም ትንሽ ይሆናል። ጾታ ላይ ብቻ ኢንዴክስ አይሥሩ። ከመዝገቡ ግማሹን የሚመልስ ጥያቄ ሠንጠረዡን ማንበብ ይሻለዋል። ሐኪሙ የጻፈውን ረጅም ማስታወሻም በቢ-ትሪ ኢንዴክስ ውስጥ አያስገቡ። በዩቲኤፍ-8 አንድ የግእዝ ፊደል 3 ባይት ይይዛል፤ በፖስትግሬስ ደግሞ የአንድ ኢንዴክስ ግቤት ጣሪያ 2,700 ባይት ገደማ ነው። ማስታወሻው ከ900 ፊደል ሲያልፍ መመዝገቡ ራሱ በስሕተት መልእክት ሊቆም ይችላል።

5. ሥራ ሳያስቆሙ ይፍጠሩት

ክሪኤት ኢንዴክስ የሚለው ተራ ትእዛዝ እስኪጨርስ ድረስ በሠንጠረዡ ላይ መጻፍን ያግዳል። ማንበብ ይቻላል፤ አዲስ ታካሚ መመዝገብ ግን አይቻልም። ትእዛዙ ላይ ኮንከረንትሊ የሚለውን ቃል ይጨምሩበት፤ ረዘም ያለ ጊዜ ይወስዳል፣ ምዝገባው ግን አይቆምም። በቢጊንና በኮሚት መካከል ሊገባ እንደማይችል ልብ ይበሉ። መሐል ላይ መብራት ቢጠፋ ወይም ቢቋረጥ ኢንቫሊድ የተባለ ጎዶሎ ኢንዴክስ ይቀራል። ይህ ለፍለጋ አያገለግልም፤ ሆኖም በእያንዳንዱ ምዝገባ ላይ ጫናው ሊቀጥል ይችላል። አጥፍተው እንደገና ይጀምሩ። አስቀድመው በዲስኩ ላይ በቂ ባዶ ቦታ መኖሩን ይዩ፤ ሥራውንም ካርድ ክፍሉ በሚቀዘቅዝበት ሰዓት ያድርጉት። ለእያንዳንዱ ኢንዴክስ ሠንጠረዡንና ዓምዶቹን የሚናገር ስም ይስጡት።

ሲጨርሱ አናላይዝ የሚለውን ትእዛዝ ለብቻው ይስጡ። ቋቱ መንገዱን የሚመርጠው ስለ መረጃው ባለው ግምት ነው፤ ብዙ መዝገብ በአንድ ጊዜ ካስገቡ በኋላ ያ ግምት ያረጀ ይሆናል።

6. እንደገና ይለኩ፤ ካልሠራ ጥያቄውን ይፈትሹ

ደረጃ 2ን ይድገሙ። አሁንም ሲክ ስካን የሚል ከሆነ ኢንዴክሱን ከመውቀስዎ በፊት ጥያቄው እንዴት እንደተጻፈ ይዩ። ዓምዱ በተግባር ከተሸፈነ ኢንዴክሱ አያየውም።

ቀን እዚህ ላይ ብዙዎችን ያሳስታል። «የ2017 ዓ.ም. ጉብኝቶች» ለሚል ሪፖርት የእያንዳንዱን ረድፍ ቀን ወደ ኢትዮጵያ አቆጣጠር የሚቀይር ተግባር ይጻፍና ዓመቱ 2017 ነው ወይ ተብሎ ይጠየቃል። ይህ ሠንጠረዡን በሙሉ ያስነብባል። ዓምዱን ሳይሆን ድንበሩን ይቀይሩ፦ መስከረም 1 ቀን 2017 በአውሮፓውያን ሴፕቴምበር 11 ቀን 2024 ነው፤ መስከረም 1 ቀን 2018 ደግሞ ሴፕቴምበር 11 ቀን 2025። ከመጀመሪያው ጀምሮ ከሁለተኛው በፊት ያለውን ብለው ይጠይቁ፤ ኢንዴክሱ ይሠራል። ጳጉሜን 6 ቀን ስትሆን የሚቀጥለው ዓመት ሴፕቴምበር 12 ላይ ስለሚገባ ድንበሩን በተግባር ያሰሉት እንጂ 11ን በእጅ አይጻፉ። መስከረም 1 ቀን 2016 የዋለው ሴፕቴምበር 12 ቀን 2023 ነበር።

ቀን በጽሑፍ ዓይነት ከተቀመጠ ደግሞ ምንም ኢንዴክስ አያድነውም። «12/3/2017» በጽሑፍ ቅደም ተከተል ከ«2/1/2017» ይቀድማል። ዓምዱ የቀን ዓይነት ይሁን፤ የኢትዮጵያው አቆጣጠር በማሳያው ላይ ይቀየር።

በማይኤስኪውኤል አንድ ተጨማሪ ወጥመድ አለ። ስልክ በጽሑፍ ዓምድ ተቀምጦ ጥያቄው ላይ ያለ ትእምርተ ጥቅስ እንደ ቁጥር ከተጻፈ ኢንዴክሱ ይታለፋል። ፖስትግሬስ እንዲህ ያለውን በስሕተት መልእክት ይመልሰዋል፤ ቢያንስ ወዲያው ይታወቃል።

7. የሠሩትን ይከታተሉ

እያንዳንዱ ኢንዴክስ በእያንዳንዱ ምዝገባ ላይ ተጨማሪ ጽሕፈት ነው። አሥር ኢንዴክስ ያለው ሠንጠረዥ አንድ ታካሚ ሲገባ አሥራ አንድ ቦታ ይጽፋል። ስለዚህ ፒጂ ስታት ዩዘር ኢንዴክስስ በሚባለው እይታ ውስጥ አይዲኤክስ ስካን የሚለውን ዓምድ አልፎ አልፎ ይዩ፤ ኢንዴክሱ ስንት ጊዜ እንደተጠራ ይናገራል። ዜሮ ያለውን ግን ወዲያው አያጥፉ። የበጀት ዓመቱ ሰኔ 30 ይዘጋል፤ በዓመት አንዴ ብቻ የሚወጣው ሪፖርት የሚጠቀምበት ሊሆን ስለሚችል ሐምሌ እስኪያልፍ ይጠብቁ። ድግግሞሽን የሚከለክሉትንም ቁጥራቸው ዜሮ ቢሆን እንኳ አይንኩ፤ ሥራቸው ፍለጋ ሳይሆን ጥበቃ ነው።

ሰርቨሩን ወደ አዲስ የሊኑክስ እትም ሲያሻግሩ ከሲ ውጭ በሆነ ኮሌሽን የተሠሩ የጽሑፍ ኢንዴክሶችን በሪኢንዴክስ ትእዛዝ እንደገና ይሥሯቸው። የፊደል ቅደም ተከተሉን የሚወስነው ጂሊብሲ የሚባለው የሥርዓቱ ላይብረሪ ነው፤ በ2.28 እትም እንደሆነው ቅደም ተከተሉ ሲለወጥ የቆየው ኢንዴክስ በአሮጌው ሰልፍ ይቀራል፤ መዝገቡ እያለ አልተገኘም ሊል ይችላል። ከ12ኛው እትም ጀምሮ ሪኢንዴክስም ኮንከረንትሊ ይቀበላል።

በመጨረሻም ለእያንዳንዱ ኢንዴክስ የትኛውን ጥያቄ ለመመለስ እንደተሠራ፣ ማን እንደሚጠይቀውና መቼ እንደተሠራ በኮሜንት ኦን ትእዛዝ እዚያው ቋቱ ውስጥ ያስፍሩ። ትራንስሌት የተጠቀመባቸውን የፊደል ዝርዝሮችም አብረው ያስቀምጡ፤ ከእርስዎ በኋላ ሥርዓቱን የሚረከበው ሰው አዲስ የፍለጋ ገጽ ሲሠራ ያንኑ ዝርዝር መጠቀም ይኖርበታል።